ባሕር ያልደረሰው የወሎ አፈር

ወሎ ባሕር የለውም። ዳርቻ ግን አለው፤ ያውም በስሙ። ከደሴ ወደ ወልድያ በሚወስደው መንገድ 30 ኪሎ ሜትር ገደማ ላይ የምትገኘው ሐይቅ ከተማ ስሟ ግዕዝ ነው። ዛሬ «ሐይቅ» ስንል የታቆረ ውሃ ይታየናል፤ በግዕዝ ግን ቃሉ የውሃውን ጠርዝ፣ የባሕሩን ዳር ጭምር ይጠራል። ከዚህ ሌላ የደሴና የኮምቦልቻ ሰው ባሕርን የሚያውቀው በአሰብ ሾፌሮች ወሬ ነበር። ጣሊያን ከአሰብ ወደ ኮምቦልቻ ባወጣው መንገድ የሚመላለሱት ሾፌሮች ስለ ሙቀቱ፣ ስለ ጨዉና ስለ መርከቡ ያወሩ ነበር። ከ1990 ዓ.ም. ጦርነት በኋላ እሱም ቀረ።

እንግዲህ ደሴ ተቀምጦ ስለ ባሕር ዳርቻ መሸርሸር መጻፍ «አንተን ምን አገባህ» ያሰኛል። እንደሚያገባን የገባኝ ከአንድ የደላንታ አዛውንት ጋር ስጨዋወት ነው። መናኸሪያ ውስጥ የወገል ጤና መኪና እስኪሞላ እየጠበቅን ነበር። ክረምቱ ወጥቶ መስከረም ገብቷል።

«መሬቱ እንዴት ከረመልዎ፣ አባባ?» አልኳቸው።

«ልጄ፣ ምስር ዘራሁበት፣ ምስር ወሰደው።»

ደላንታ የምስር አገር ነው፤ የመጀመሪያው ምስር እሱ ነው። ሁለተኛው ምስር ግን ወጥ አይሆንም፤ የዱሮ ሰው ግብፅን የሚጠራበት ስም ነው። እርሻቸው ላይ የነበረው አፈር በሽሎ ገባ፣ ከበሽሎ አባይ ገባ፣ አባይ ደግሞ ለግብፅ አስረከበው ማለታቸው ነው። ወሎ ሰምና ወርቅ ያውቅበታልና ሳቅን። መኪናው ሞልቶ ከሄደ በኋላ ግን አባባሉ አልለቀቀኝም። እውነት አፈሩ ምስር ደርሷል? ምስርስ አፈሩን አግኝታ ከሆነ፣ የግብፅ ባሕር ዳርቻ ስለምን በየዓመቱ በባሕር ይበላል?

ጥያቄውን ለመፍታት ከደሴ በላይ ያለውን ሸንተረር እንደ ቤት ጣሪያ ማየት ይጠቅማል። ጣሪያው ላይ የወረደ ዝናብ በየትኛው ክፈፍ እንደሚንጠባጠብ የሚወስነው የጥቂት ሜትር ልዩነት ነው። ደሴ ከተማ ላይ የጣለው በቦርከና ተንደርድሮ፣ በዶሮ መዝለያ ገደል አልፎ፣ ኮምቦልቻን አቋርጦ አዋሽ ይገባል። አዋሽ ደግሞ ባሕር አይቶ አያውቅም፤ ጅቡቲ ድንበር ላይ አቤ ሐይቅ ሲደርስ በርሃው ይጨርሰዋል። ወደ ኩታበር ዘንበል ብሎ የጣለው ግን በሽሎ ይገባል። በሽሎ የደላንታን፣ የተንታን፣ የመቅደላን ውሃ እየሰበሰበ ወደ አባይ የሚወርድ ወንዝ ነው። እንግሊዞች በ1860 ዓ.ም. መቅደላ ለመድረስ የተሻገሩት ይህንኑ ገደል ነበር። ከዚያ በስተ ደቡብ ወለቃ አለ፣ ጃማ አለ፤ ሁለቱም መድረሻቸው አባይ ነው። ሰሜን ላይ ደግሞ ላስታ አለ። የላሊበላ ተራሮች ውሃ ተከዜን ይወልዳል፤ ተከዜ ሱዳን ሲደርስ አትባራ ከሚባለው ወንዝ ጋር ሆኖ ዓባይን፣ ማለትም ናይልን፣ ይቀላቀላል።

ስለዚህ ከወሎ ጣሪያ ሦስት ክፈፍ ሁለቱ የሚንጠባጠቡት ሜዲትራንያን ባሕር ላይ ነው። ውሃው ብቻውን አይሄድም። ሐምሌ ላይ በሽሎን ያየ ሰው ውሃ ለማለት ይቸግረዋል፤ እንደ አብሽ የወፈረ ቡና ዓይነት ነገር ነው።

አሁን ወደ ታችኛው ጫፍ እንውረድ። የናይል ዴልታ ከአሌክሳንድሪያ እስከ ፖርት ሰኢድ ከ200 ኪሎ ሜትር በላይ ዳርቻ ይዞ የተዘረጋ ለጥ ያለ መሬት ነው። ይህ መሬት ከመነሻው እዚያ አልነበረም። ወንዙ በየክረምቱ ያመጣውን ደለል ባሕሩ ውስጥ እየደፋ፣ በሺህ ዓመታት ውስጥ ያበጀው ነው። ከሚያመጣውም ደለል አብዛኛው፣ ከመቶው ዘጠናውን አልፎ፣ የሚመነጨው ከኢትዮጵያ ደጋ ነው፤ ከአባይና ከተከዜ። ነጭ ዓባይ ውሃ እንጂ አፈር አያመጣም፤ አፈሩን ደቡብ ሱዳን ረግረግ ውስጥ አጣርቶት ነው የሚመጣው። የጥንት ግብፃውያን አገራቸውን «ጥቁር ምድር» ያሉት ጎርፉ ጥሎት በሚሄደው ጥቁር ደለል ነው። ያ ጥቁረት የደጋችን ጥቁር ድንጋይ፣ የዛሬ 30 ሚሊዮን ዓመት ገደማ ከመሬት ሆድ ፈስሶ የረጋው የእሳተ ገሞራ ድንጋይ ልጅ ነው። የደላንታ ገደል ደረጃ በደረጃ ተነባብሮ የሚታየው እሱው ነው። እንዲያውም በራሺድና በቡሩሉስ ዳርቻ ላይ ያለው «ጥቁር አሸዋ» ብረት ያዘሉ ከባድ ማዕድናት የተጠራቀሙበት ነው። ግብፅ እ.ኤ.አ. በ2022 ቡሩሉስ ላይ ፋብሪካ መርቃ እያነጠረችው ነው። (አሸዋው ላይ ስም ተጽፎ ቢሆን ኖሮ ከወሎ የሄደው የቱ እንደሆነ በለየን ነበር።)

ዴልታው ባሕሩን የሚገፋባቸው ሁለት አፍንጫዎች አሉት፤ አንዱ ራሺድ ላይ፣ አንዱ ዱምያጥ ላይ፣ ሁለቱ የወንዙ ቅርንጫፎች ባሕር በሚገቡበት። ራሺድ እ.ኤ.አ. በ1799 የሮዜታ ድንጋይ የሚባለው፣ ጥንታዊ ጽሑፍ የተቀረጸበት ድንጋይ የተገኘባት ያቺው ከተማ ናት። የራሺዱ አፍንጫ ለብዙ መቶ ዓመታት ወደ ባሕር እየረዘመ መጣ። እ.ኤ.አ. ወደ 1900 ገደማ ላይ ቆመ። ከዚያ ወደ ኋላ መሸሽ ጀመረ። እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹና 80ዎቹ በዓመት ወደ 100 ሜትር የሚጠጋ መሬት የሚያጣበት ጊዜ ነበር። አንድ የእግር ኳስ ሜዳ ርዝመት በየዓመቱ ማለት ነው። መጨረሻ ላይ፣ እ.ኤ.አ. ከ1988 እስከ 1991 ባለው ጊዜ፣ ከወንዙ አፍ ግራና ቀኝ ትልልቅ የባሕር ግንብ ተሠራ። ግንቡ ባለበት መሸርሸሩ ቆመ፤ ግንቡ ካለቀበት ቀጥሎ ያለው ዳርቻ ግን ተራው ደረሰው። ይህ የባሕር ዳርቻ ጠባይ ነው። ማዕበሉ የለመደውን ያህል አሸዋ ካላገኘ ከጎረቤት ይወስዳል።

ዳርቻ የሚባለው ነገር ራሱ እንደ ሂሳብ ደብተር ነው። ማዕበልና የባሕር ሞገድ አሸዋውን ሌት ተቀን ከምዕራብ ወደ ምሥራቅ ያጓጉዙታል፤ ይህ ወጪው ነው። ወንዙ ያመጣው ገቢው ነው። ገቢው ከወጪው ከበለጠ መሬቱ ወደ ባሕር ያድጋል። ገቢው ሲቋረጥ ደግሞ ባሕሩ ያው የወትሮውን እየወሰደ ካዝናው ይራቆታል እንጂ «ይቅር» አይልም። በዚያ ላይ ዴልታው በራሱ ክብደት እየሰጠመ ነው፤ ለስላሳ ደለል እያደር ይጠቀጠቃል። ዱሮ የሰጠመውን ያህል አዲስ ደለል በየክረምቱ ይከደንበት ነበር። የዓለም ባሕር ከፍታም እየጨመረ ነው። እነዚህ ሦስቱ አንድ ላይ ሲመጡ፣ በአሥር ሚሊዮኖች የሚቆጠር ሕዝብ የሚኖርበት መሬት ዳሩ የሳሳ ቂጣ ይሆናል።

ገቢው ለምን ተቋረጠ?

«አባይ ማደሪያ የለው፣ ግንድ ይዞ ይዞራል» የምንለው ተረት ላይ ነው መልሱ። አባይ ማደሪያ አገኘ። እንግሊዞች እ.ኤ.አ. በ1902 አስዋን ላይ ትንሹን ግድብ ሠሩ፤ ጎርፉ ሲመጣ በሮቹን ከፍተው ደለሉን ያሳልፉት ስለነበር ጉዳቱ መለስተኛ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1964 ውሃ መያዝ የጀመረውና በ1970 የተጠናቀቀው ታላቁ የአስዋን ግድብ ግን ነገሩን ጨረሰው። ከጀርባው የተንጣለለው ናስር ሐይቅ 500 ኪሎ ሜትር ገደማ ይረዝማል። ወንዝ ደለል የሚሸከመው እስከሮጠ ድረስ ነው፤ የቆመ ውሃ ውስጥ ሲገባ ሸክሙን ያወርዳል። በየዓመቱ ከ100 ሚሊዮን ቶን በላይ ይመጣ የነበረው ደለል አሁን ሐይቁ መግቢያ ላይ፣ በአብዛኛው በሱዳን ወሰን ውስጥ፣ ይራገፋል። ከመቶው ሁለት እንኳ አያልፍም። ማለትም ከሐይቁ ወለል ሥር ማንም የማያርሰው፣ ማንም የማይኖርበት አዲስ ዴልታ እየተሠራ ነው።

ውጤቱን በዓሣ ማየት ይቻላል። ጎርፉ ከአፈሩ ጋር ለባሕሩ ምግብ ያደርስ ነበር፤ የሰርዲን መንጋ በየመከሩ ወንዙ አፍ ላይ የሚሰበሰበው ለዚህ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1962 ወደ 18,000 ቶን የሚሆን ሰርዲን ይጠመድ ነበር፤ ግድቡ ከተዘጋ ጥቂት ዓመት ሳይሞላ ከ1,000 ቶን በታች ወረደ። ከ1980ዎቹ ወዲህ ዓሣው መልሶ አገግሟል፤ ያገገመው ግን ከከተሞች በሚወጣ ፍሳሽና ከእርሻ በሚታጠብ ማዳበሪያ ነው። የዴልታው ገበሬም እንደዚያው። ደለሉ ሲቀርበት ማዳበሪያ ወደ መግዛት ገባ። አስዋን አካባቢ ያለው የማዳበሪያ ፋብሪካ የግድቡን ኤሌክትሪክ ተጠቅሞ ማዳበሪያ ያመርት ነበር፤ ግድቡ በአንድ እጁ የወሰደውን በሌላ እጁ ይሸጠዋል እንደማለት ነው።

የአዛውንቱ ቅኔ እንግዲህ ውበቱ እንዳለ ሆኖ 60 ዓመት አልፎበታል። «አፈራችን ግብፅን አለማ» የሚለው ቁጭት በአያቶቻችን ዘመን እውነት ነበር፤ ዛሬ ግን ግብፅም አፈሩን አላገኘችውም። የደላንታው ገበሬ የእርሻውን ቆዳ አጣ፤ የራሺዱ ዓሣ አጥማጅ የመንደሩን ዳርቻ አጣ፤ መሃል ላይ ያለው ግድብ ደግሞ ሆዱ በጭቃ ተነፋ። ስለ ውሃው ክርክር አለ፤ እኔ እዚህ አልገባበትም። ስለ አፈሩ ግን የሚጣላ ሰው ያለ አይመስለኝም፤ ሁለቱም ጫፍ ከሳሪ ነው። ቁጭቱን የማልወደው ሌላም ምክንያት አለኝ። «ምስር ወሰደው» ስንል ጥፋቱ ከእኛ ውጭ ያለ ይመስለናል። አፈር ግን የሚሰረቅ ነገር አይደለም፤ የሚለቀቅ ነው።

እንዴት እንደሚለቀቅ በትክክል የተለካው እዚሁ ወሎ ነው። ከደሴ በስተ ደቡብ ምሥራቅ፣ ማይባር በሚባል ተፋሰስ፣ በ1970ዎቹ ዓ.ም. መጀመሪያ የአፈር ጥበቃ ምርምር ጣቢያ ተከፈተ። ከስዊዘርላንድ የበርን ዩኒቨርሲቲ ጋር በመተባበር በአገሪቱ ከተተከሉት ጣቢያዎች የመጀመሪያው ነው። ዝናቡን፣ የፈሰሰውን ውሃና በውሃው የተወሰደውን አፈር በየቀኑ ለክተው መዘገቡ። ሥራውን የመራው ሃንስ ሁርኒ የታረሰ መሬት በአማካይ በዓመት በሄክታር 42 ቶን አፈር ያጣል የሚል ስሌት አወጣ። ቁጥሩ በየቦታው ይለያያል፤ ከግማሽ በታች የሆነበትም እጥፍ የሆነበትም አለ። ይሁንና እሱን ይዘን እናስላ። አንድ ጥማድ መሬት ሩብ ሄክታር ቢሆን፣ በዓመት ከ10 ቶን በላይ ማለት ነው። 100 ኩንታል። ሁለት አይሱዙ ጢም ብሎ የተጫነ አፈር። ከዚያችው ጥማድ ገበሬው የሚያፍሰው ጤፍ አራት ወይ አምስት ኩንታል ቢሆን ነው። እንግዲህ ለእያንዳንዱ ኩንታል ጤፍ 20 ኩንታል አፈር ይከፍላል። ጥልቀቱ ሲታይ በዓመት ወደ 4 ሚሊ ሜትር ስለሆነ በዓይን አይታወቅም፤ አንድ ልጅ አድጎ ለጉልምስና እስኪደርስ ግን ግማሽ ስንዝር ያህል ሄዷል። ተራራ ላይ ያለ አፈር ድሮውንም ሁለት ሦስት ስንዝር ነው። ከዚያ በታች ጭንጫ ይመጣል፤ ገበሬው «መሬቱ አጥንቱ ወጣ» የሚለው ያኔ ነው።

ይህ ሁሉ ወንዝ ይገባል ማለት አይደለም። ከማሳ የተነሳው አፈር ብዙው እግረ መንገዱን ከተዳፋት ግርጌ፣ ከአጥር ሥር፣ ከሜዳ ላይ ይቀራል። ለባለ ማሳው ግን ያው ሄዷል፤ ምናልባት የግርጌው ጎረቤት ይመርቀዋል።

ከማይባር ልኬት እኔን የገረመኝ መጠኑ ሳይሆን ጊዜው ነው። የዓመቱ አፈር በዓመቱ ዝናብ ተከፋፍሎ አይሄድም። አብዛኛው የሚሄደው በጥቂት ኃይለኛ ዝናቦች ነው፤ እነሱም ገና ክረምቱ ሲገባ፣ ማሳው ለጤፍ አምስት ስድስቴ ታርሶ፣ ደቅቆ፣ ራቁቱን ተሰጥቶ ባለበት ሰሞን ከመጡ ጉዳቱ የከፋ ነው። ነሐሴ ላይ ያው ዝናብ ቢወርድ ቡቃያው መሬቱን ስለሸፈነው የሚወስደው ጥቂት ነው። ወሎ ደግሞ በልግ አለው። ተበልጎ የታጨደ ማሳ ለመኸሩ እንደገና ሲገለበጥ ያው ራቁትነት ሁለቴ ይመጣል። በልግ ሲከዳ ደግሞ ታርሶ ባዶውን የሚጠብቅ መሬት ይኖራል። ጤፍ ደቃቅ አፈር ይወዳል፤ ደቃቅ አፈር ጎርፍ ይወደዋል። በዚህ ላይ ፍርድ መስጠት ለከተሜ ይቀላል፤ ጤፍ አትዝራ የሚባል ገበሬ ግን የለም።

መፍትሔው አይታወቅም እንዳይባል ወሎ እርከን ሲሠራ 50 ዓመት ሞላው። ከ1966ቱ ድርቅ በኋላ፣ ከ77ቱ በኋላ ደግሞ በይበልጥ፣ ተራራው ሁሉ በስንዴና በዘይት ተቆፈረ። «ምግብ ለሥራ» ይባል ነበር። በቁና ስንዴ ይህን ያህል ሜትር ካብ። ከሩቅ ሲያዩት ተራራው በማበጠሪያ የተበጠረ ይመስል ነበር። ችግሩ እርከኑ የማን እንደሆነ አለመታወቁ ነው። መስመሩን የቀየሰው ባለሙያ ነው፣ ክፍያው የመጣው ከውጭ ነው፣ ገበሬው የቀን ሠራተኛ ሆኖ በራሱ መሬት ላይ ካበ። ሲጨርስ የቀረለት ነገር የጠበበ ማሳ ነበር፤ እርከኑ መሬት ይይዛል፣ በሬ ሲጠመድ መዞሪያ ያሳጣል፣ በካቡ ውስጥ አይጥ ይራባል። ይህን የሚሉት ገበሬዎች ሰነፎች አልነበሩም፤ እውነታቸውን ነበር። በ1983 ዓ.ም. መንግሥት ሲለወጥ ብዙ ቦታ ካቡ ፈረሰ። ድንጋዩ አጥር ሆነ።

ከ2003 ዓ.ም. ጀምሮ ደግሞ በየዓመቱ ጥር ሲገባ የሕዝብ ዘመቻ አለ፤ ነፃ ጉልበት፣ የተወሰነ ቀን። የዚህ ዘመቻ ሪፖርት በሄክታርና በኪሎ ሜትር ነው የሚወጣው፤ ይህን ያህል ሺህ ኪሎ ሜትር እርከን ተሠራ ይባላል። ቆሞ የተገኘው ስንት ነው የሚለውን ግን በየዓመቱ የሚቆጥር የለም። እኔ ብጠየቅ ሪፖርቱ መውጣት ያለበት ጥር ላይ ሳይሆን መስከረም ላይ ነው፤ ክረምቱ ከፈተነው በኋላ። የሠመረለት ቦታ ደግሞ አለ፤ እውነቱን መደበቅ አያስፈልግም። ከከብት ተከልለው ያረፉ ተዳፋቶች በአምስት በስድስት ዓመት ሣር አልብሰው፣ ከሥራቸው የደረቀ ምንጭ የመለሱባቸው አሉ። ወጣቶች ሣሩን አጭደው ሸጠው፣ ቀፎ ሰቅለው የሚጠቀሙበት ከሆነ ክልክሉን የሚጠብቀው ዘበኛ ሳይሆን ጥቅሙ ነው። ካቡ ላይ ጌሾ ወይም የከብት መኖ የተተከለበት ማሳም እንዲሁ አይፈርስም፤ ባለቤቱ ከካቡ ይበላላ። ቦረቦር ግን ሌላ ነገር ነው። አንዴ ቦረቦር ከተከፈተ በድንጋይ ክትርና በጋቢዮን (ድንጋይ በሚሞላ የሽቦ ሳጥን) እንጂ በዘመቻ አካፋ አይዘጋም፤ ጋቢዮን ደግሞ ሽቦው ገንዘብ ነው።

ገንዘቡ ከየት ይመጣል የሚለው ላይ ነው የነገሩ መልክ የተለወጠው።

እስከ ቅርብ ጊዜ ድረስ ከደጋው የሄደ አፈር የሰው ግድብ ነበር የሚሞላው። ሱዳን ውስጥ አትባራ ላይ ያለው የካሽም ኤል ጊርባ ግድብ፣ በአስዋን ውሃ አገራቸው ለተዋጠባቸው የዋዲ ሃልፋ ሰዎች መስፈሪያ ተብሎ እ.ኤ.አ. በ1964 የተሠራ ነው። የተከዜ ደለል ከያዘው ውሃ ቦታ ከግማሽ በላዩን ወሰደበት። እ.ኤ.አ. በ1966 የተጠናቀቀው የሮዛሪስ ግድብም ከአባይ ደለል የተነሣ ሲሶ ገደማ ካጣ በኋላ፣ በ2013 ግንቡ 10 ሜትር ከፍ እንዲል ተደረገ። እኛ ዘንድ ይህ የሰው ችግር ነበር። አሁን አይደለም። የተከዜ ግድብ በ2002 ዓ.ም. ሲመረቅ የላስታን አፈር መቀበል የጀመረው የራሳችን ግድብ ሆነ። መጋቢት 24 ቀን 2003 ዓ.ም. መሠረቱ የተጣለው፣ ጳጉሜን 4 ቀን 2017 ዓ.ም. የተመረቀው የሕዳሴ ግድብ ደግሞ ከበሽሎ፣ ከወለቃ፣ ከጃማ የሚወርደውን ሁሉ ጉባ ላይ ያስቆማል። 74 ቢሊዮን ሜትር ኩብ የሚይዝ ነው፤ ከሥሩም ለደለል የታሰበ ሰፊ ቦታ አለው። በጥቂት ዓመት አይሞላም፤ ያን የሚል ካለ ያጋንናል። ግን ደለል እኩል ተነጥፎ አይተኛም፤ መጀመሪያ የሚከመረው ወንዙ ሐይቁን በሚገባበት አፍ ላይ ነው፣ የሚይዘውም ውሃ መያዝ የሚችል ቦታ ነው። 5,150 ሜጋ ዋት የሚያመነጭ ግድብ ዕድሜው በደላንታ ካብ ይረዝማል ወይም ያጥራል።

ለግብፅ ዳርቻስ ይህ ምን ለውጥ ያመጣል? በደለል በኩል ምንም ያህል። ራሺድ መሸርሸሯን የጀመረችው ጉባ ላይ አንድ ድንጋይ ሳይጣል ነው፤ የሕዳሴ ግድብ የሚያስቀረው አፈር ቀድሞም ናስር ሐይቅ ላይ የሚቀር ነበር። እንዲያውም ያኛው ሐይቅ ዕድሜ ይጨመርለታል፣ የሱዳን ግድቦችና ቦዮችም ደለል ከመጥረግ እፎይ ይላሉ። የሚጎዳም አለ፤ የሰማያዊ ዓባይን ደለል ጡብ የሚያበስሉ የካርቱም ሠራተኞችና ጎርፉ ሲሸሽ በጭቃው ላይ የሚዘሩ የወንዝ ዳር ገበሬዎች። የዴልታው ዳርቻ ግን መድኃኒቱን ከእኛ አይጠብቅም። ግብፆችም ያንን ያወቁት ይመስላል፤ ከድንጋይ ግንቡ ሌላ፣ በዴልታው ዳርቻ የተፈጥሮ የአሸዋ ኮረብታ እንዲመስል ሆኖ የሚሠራ ዝቅተኛ ግድግዳ እየገነቡ ነው። ሐሳቡ ለእኛ እንግዳ አይደለም። እርከን ነው፤ ባሕር ዳር ላይ።

የሕዳሴ ግድብ የሚያመነጨው ገቢ ጥቂቱ ወደ ላይ፣ ወደ ተፋሰሱ ገበሬ ቢመለስ እንደ ቸርነት መታየት የለበትም ባይ ነኝ። የግድብ ጥገና ነው። ተርባይን ቅባት የሚገዛለት ገንዘብ ካለ፣ ወደ ተርባይኑ የሚመጣውን ጭቃ ለሚያስቀር ካብም መኖር አለበት። ከሁሉ በፊት ለቦረቦር ጋቢዮን፣ ከዚያም መሬቱ በእርከን ለጠበበበት ገበሬ ማካካሻ፤ ለምሳሌ ዩሪያ በቅናሽ። ገበሬው ማዳበሪያ የሚገዛው፣ ልክ እንደ ዴልታው ገበሬ፣ የሄደበትን አፈር ለመተካት ነው። ከበሽሎ አፋፍ እስከ ራሺድ ባለው መንገድ ላይ ሁለቱም ጫፍ ያንኑ ከረጢት ይገዛሉ።

አፈር ከመንገዱ ቀርቶ ቤት ሲገባ ምን እንደሚመስል ለማየት የፈለገ ሰው ጉባ ድረስ መሄድ አይጠበቅበትም። ሐይቅ እስጢፋኖስ ይበቃል። አቡነ ኢየሱስ ሞዐ በ13ኛው መቶ ዓመት ደቀ መዛሙርት ያስተማሩበት ገዳም በውሃ የተከበበ ደሴት ነበር፤ በታንኳ እንጂ በእግር አይደረስም። ዛሬ በእግር ይገባል። ውሃው ሸሽቶ ደሴቱ ከየብስ ጋር ተያይዟል። ሐይቁ መውጫ የለውም፤ ከአርዲቦ በኩልና ከዙሪያው ኮረብቶች የሚወርድለት ሁሉ እዚያው ይቀራል። ሐምሌ ላይ ወንዙ በሚገባበት በኩል ቆሞ ላየው፣ ሰማያዊው ውሃ ላይ ቡናማ ምላስ ወጥቶ ይታያል። እዚህ ዳርቻው የሚያድገው አፈር በዝቶበት ነው። ራሺድ ላይ የሚሸረሸረው አፈር አጥሮት ነው።

ይህን ሁሉ ካገላበጥኩ በኋላ፣ ኅዳር ላይ እኚያን አዛውንት እዚያው መናኸሪያ ደግሜ አገኘኋቸው። ኦፓል የሚባለውን የከበረ ድንጋይ የሚነግድ ልጃቸውን ሊጠይቁ መጥተው ሲመለሱ ነው። ስለ አስዋን፣ ስለ ራሺድ፣ ስለ ጉባ ያወቅኩትን እንደ ተማሪ ዘረገፍኩላቸው። ምስር አፈሩን አልወሰደችውም አልኳቸው፤ አሁን የሚተኛው ሕዳሴው ግድብ ውስጥ ነው።

ዝም ብለው አሰቡ። ጋቢያቸውን አስተካከሉ።

«ሕዳሴውማ የኔ ነው» አሉ። «ቦንድ ገዝቻለሁ።»

ከዚያ ትንሽ ቆይተው፣ መኪናው ውስጥ እግራቸውን ካስገቡ በኋላ ዘወር አሉ።

«ግን ልጄ፣ የገዛሁት ለውሃው ነበር እኮ።»